የሐያሲው መደብ

ደራሲና ሐያሲ ሁለት የተለያዩ ሰዎች ናቸው ብሎ የሚያምን አንባቢ ብዙ ነው። አንዱ ይፈጥራል፣ ሌላው ይመዝናል፤ አንዱ ይደክማል፣ ሌላው ተቀምጦ ድካሙን ይመረምራል። በዚህ አስተሳሰብ ሐያሲ ሁልጊዜ ዘግይቶ የሚመጣ፣ መጽሐፉ ታትሞ ካበቃ በኋላ ደጅ የሚያንኳኳ እንግዳ ነው። እኔ ግን መዛኙ ራሱ ፈጣሪ የሆነበትን፣ ምዘናም ከፈጠራ ጋር በአንድ ጎጆ ያደረበትን አገር አውቃለሁ። ያ አገር ጎጃም ነው። በዚህ ሐተታ የምሟገትለት ሐሳብም ከዚያ የተገኘ ነው፤ ፈጠራና ምዘና በአንድ ሰው ልብ አብረው ሲኖሩ ሥነ ጽሑፍ ይጠነክራል፤ ሲለያዩ ደራሲው ብቸኛ፣ ሐያሲውም ባዕድ ይሆናል።

አምበር ከደጀን ወደ ደብረ ማርቆስ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ ያለች የአነደድ ወረዳ ከተማ ናት። መኪናው ደርሶ ያልፋል፣ የጤፍ ማሳው ግራና ቀኝ ተዘርግቶ ይቀራል። አምበር ላይ ቆሞ ዙሪያውን በሐሳቡ የሚቃኝ ሰው ግን በአገሪቱ የቃል ጥበብ ታሪክ እምብርት ላይ መቆሙን ይረዳል። ወደፊት ደብረ ማርቆስ አለች፤ ከእርሷም ብዙ ሳይርቅ ሐዲስ ዓለማየሁ የተወለዱባት እንዶዳም ኪዳነ ምሕረት። ከዚያ ማዶ ደብረ ኤልያስ፣ በሌላው ወገን ደግሞ ዲማ ጊዮርጊስና ደብረ ወርቅ አሉ። እነዚህ ቦታዎች ለጉብኝት ብቻ የሚጠሩ ስሞች ሊመስሉ ይችላሉ። ለሥነ ጽሑፋችን ግን ከዚያ በላይ ናቸው፤ የአማርኛን ዘመናዊ ልብ ወለድ ከጻፉት መካከል ዋነኛው ቃልን መመዘን የተማሩት እዚህ ነው።

የቅኔ ቤትን ሥርዓት የሚያውቅ ሰው የምለውን ወዲያው ይገባዋል። ተማሪው ደበሎውን ለብሶ፣ አኮፋዳውን ይዞ፣ ቁራሽ ለምኖ ይኖራል። ግሱንና አገባቡን ካጠና በኋላ ቀኑን ከጓደኞቹ ተለይቶ፣ ጥላ ፈልጎ፣ ወይም ሜዳ ላይ ተቀምጦ ቅኔ ይቆጥራል። በመጀመሪያ ሁለት ቤት ያላትን ጉባኤ ቃና ይሞክራል፤ እየበረታ ሲሄድ ወደ ሥላሴ፣ ወደ መወድስ፣ ወደ ዕጣነ ሞገር ይወጣል። ሲመሽ ወደ መምህሩ ይቀርብና የቆጠረውን ይናገራል። መምህሩ ያዳምጣሉ። ሰሙ ወርቁን መሸከም ካቃተው፣ ቤቱ ከጎደለ፣ ዜማው ከተሰበረ፣ ምሥጢሩ ከላላ ያን ያህል ቀን የደከመበት ነገር በአንድ ቃል ይወድቃል። ሊቃና የሚችል ከሆነ ግን መምህሩ አቃንተው ይመልሱለታል። በማግሥቱ ተማሪው ዳግመኛ ሜዳ ይወጣል።

በዚህ ሥርዓት ውስጥ አራት ነገሮች ተሰባስበው ይገኛሉ። አንደኛ፣ መዛኙ ራሱ ቅኔ የሚቀኝ ሰው ነው፤ የማይችለውን ነገር አይፈርድም። ሁለተኛ፣ ፍርዱ ፊት ለፊት ይነገራል፤ ደራሲው በሌለበት አይታማም። ሦስተኛ፣ መምህሩ ጉድለቱን ብቻ አያሳዩም፤ እንዴት ቢባል ይሻል እንደነበርም ያሳያሉ። አራተኛውና ዋነኛው፣ ምዘናው በየቀኑ ይደረጋል። ተማሪው አንዴ ተሞግሶ ወይም አንዴ ተነቅፎ አይቀርም፤ ነገም ይቀርባል፣ ከነገ ወዲያም ይቀርባል። በዚህ መካከል የመምህሩ ጆሮ ቀስ በቀስ ወደ ተማሪው ይሻገራል። ከጊዜ በኋላ ተማሪው ሜዳ ላይ ብቻውን ተቀምጦም ቢሆን የመምህሩን ፍርድ በራሱ ውስጥ ይሰማል። ያን ጊዜ ደራሲ ሆነ ማለት ነው፤ ሐያሲውን በውስጡ አስቀምጧልና።

ከቅኔ ቤት ውጭ ያለው ሕዝብም ለምዘና ቦታ አልነፈገም። ቅኔው በማኅሌት ሲዘረፍ ሊቃውንቱ ከተደሰቱ «ይበል!» ይላሉ፤ ካልተደሰቱ ዝም ይላሉ፤ ዝምታውም ፍርድ ነው። ገዥውም የሕዝቡን ልብ ለማወቅ ሲፈልግ «እረኛ ምን አለ?» ብሎ ይጠይቅ ነበር። ሜዳ ላይ ከብት የሚጠብቅ ልጅ የሚያንጎራጉረው ግጥም ለቤተ መንግሥት ጆሮ የሚገባ የዘመን ትችት ነበር። እንግዲህ በአገራችን ትችት ከባሕር ማዶ የመጣ ዕቃ ነው የሚለው ሐሳብ ከመነሻው የተሳሳተ ነው። ከባሕር ማዶ የመጣው ረዥሙ የልብ ወለድ ቅርጽና የኅትመት መሣሪያው ነው። አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1900 ዓ.ም. ሮም ውስጥ «ልብ ወለድ ታሪክ»ን ሲያሳትሙ ቅርጹ አዲስ ነበር፤ ቃልን የመመዘን ልማድ ግን ከዚያ በፊት ለብዙ ዘመን በየደብሩ ሲኖር ቆይቷል።

ሐዲስ ዓለማየሁ የዚህ ልማድ ልጅ ናቸው። በ1902 ዓ.ም. ተወለዱ፤ በቤተ ክርስቲያን ትምህርት አደጉ፤ ቅኔ ተማሩ። ከዚያ አዲስ አበባ ወርደው በዘመናዊ ትምህርት ቤት ገቡ። ጣልያን አገራችንን በወረረ ጊዜ ከራስ እምሩ ጋር ዘመቱ፣ ከእሳቸው ጋርም ተማረኩ፣ ወደ ጣልያን ተወስደው ሰባት ዓመት ያህል በግዞት ቆዩ። ከነጻነት በኋላ በዲፕሎማሲ ሥራ ኢየሩሳሌምን፣ ዋሽንግተንን፣ የተባበሩት መንግሥታት ድርጅትን፣ ለንደንን አዩ፤ በሚኒስትርነትም አገለገሉ። ይህን ሁሉ የኖረ ሰው ድርሰት ሲጽፍ ሁለት ዓይን ይኖረዋል። በአንደኛው ዓይኑ ያደገበትን መንደር ከውስጥ ያያል፤ የካህኑን ስብከት፣ የባላባቱን ግብር፣ የገበሬውን ስለት፣ የልጃገረዷን ትዳር ከልጅነቱ ያውቀዋል። በሁለተኛው ዓይኑ ያንኑ መንደር ከሩቅ ያያል፤ በሌላ አገር ሰው እንዴት እንደሚዳኝ፣ እንዴት እንደሚተዳደር ተመልክቷልና። አንድ ዓይን ብቻ ያለው ደራሲ ወይ ያወድሳል፣ ወይ ያወግዛል። ሁለቱን የያዘ ግን እየወደደ ይመዝናል።

«ፍቅር እስከ መቃብር» በ1958 ዓ.ም. ወጣ። ብዙ ሰው ስለ በዛብህና ስለ ሰብለ ወንጌል ፍቅር ብሎ ያነበዋል፤ ወጋየሁ ንጋቱ በኢትዮጵያ ሬዲዮ ሲተርከው ያዳመጠውም ብዙ ሕዝብ ያለቀሰው ለዚያ ፍቅር ነው። ይህ ትክክለኛ ንባብ ነው፤ ደራሲውም ፍቅሩን በሙሉ ልባቸው ጽፈውታል። ነገር ግን መጽሐፉን እንደ ሐተታ ለሚያነብ ሰው ከሁለቱ ፍቅረኞች አጠገብ የሚቆም ሦስተኛ ሰው አለ፤ ካሳ ዳምጤ፣ መንደሩ «ጉዱ ካሳ» ያለው። እኔ በአማርኛ ልብ ወለድ ታሪክ ውስጥ ካየኋቸው ሐያስያን ሁሉ ትልቁ እሱ ነው እላለሁ።

ጉዱ ካሳ ከባላባት ወገን ነው፤ የተማረ ነው፤ የሰብለ ወንጌልን አባት የፊታውራሪ መሸሻን ቤት ከውስጥ ያውቀዋል። የሚመዝነው ግጥምና ዜማ ሳይሆን ሥርዓቱን ራሱን ነው፤ ባላባቱ ለምን ይበላል፣ ገበሬው ለምን ይሰጣል፣ ሴት ልጅ ለምን በአባቷ ክብር ትለካለች፣ ካህኑ ለምን ዝም ይላል ብሎ ይጠይቃል። ማኅበራዊውን ኑሮ ድንጋይ በድንጋይ ላይ ተነባብሮ ከቆመ ሕንፃ ጋር እያመሳሰለ፣ የታችኛው ድንጋይ የላይኛውን ሁሉ ተሸክሞ የሚኖርበትን ፍርደ ገምድልነት ያስረዳል። ይህን ሁሉ የሚናገር ሰው በመንደሩ ዘንድ የሚያገኘው ስም ግን «እብድ» የሚል ነው። ሐዲስ በዚህ አንድ የስም አወጣጥ ውስጥ ትልቅ እውነት አስቀምጠዋል። ሐያሲውን መስማት የማይፈልግ ማኅበረሰብ ማሰር ወይም መግደል አያስፈልገውም፤ እብድ ካለው ይበቃል። እብድ የተባለ ሰው ያሻውን ቢናገር ማንም አይቆጣም፤ ማንም ደግሞ አይሰማም።

ይህን ገጸ ባሕርይ ከሁለት ሌሎች ሰዎች ጋር አስተያይቶ ማንበብ ይገባል። በዛብህ ቅኔ የተማረ፣ ድምፁ ያማረ፣ ልቡ የነጻ ወጣት ነው፤ ለቤተ ክርስቲያን በስለት የተሰጠ በመሆኑ ገና ከልጅነቱ የራሱን ዕድል የሚወስንለት ሌላ ነው። በእሱ ውስጥ ጥበብ አለ፤ ጥበቡን የሚያስርበትን ሥርዓት የሚመረምር ፍርድ ግን የለም። አበጀ በለው ደግሞ ግብር አንሰጥም ያሉትን ገበሬዎች አስከትሎ በፊታውራሪ ላይ የሚነሣ ሰው ነው። በእሱ ውስጥ ክንድ አለ። ጉዱ ካሳ በሁለቱ መካከል ይቆማል፤ ጥበብ የሚያውቅ፣ ፍርድ ያለው፣ ክንድ የሌለው። እንግዲህ ሐዲስ አንድ ሙሉ ሰው ሊሆን ይገባ የነበረውን በሦስት ከፍለው አሳይተውናል። ጥበበኛው ያለ ፍርድ በፍቅሩ ይጎዳል፤ ሐያሲው ያለ ክንድ በእብደት ስም ይገለላል፤ ክንደ ብርቱው ያለ ሐሳብ ያሸንፋል፣ ነገር ግን ያሸነፈውን በምን እንደሚተካው ገና አልተማረም። የመጽሐፉ ትልቁ አሳዛኝነት ለእኔ ይህ ነው። ሦስቱ ሰዎች በአንድ አካባቢ ኖረው ወደ አንድነት የሚያመጣቸው ቤት ግን አላገኙም።

በዚህ ላይ የደራሲው ጨዋነት ሲጨመር መጽሐፉ የት እንደሚደርስ ይታያል። ፊታውራሪ መሸሻ እንደ ጭራቅ አልተሳሉም። ክብራቸው ሸክም የሆነባቸው አባት ናቸው፤ ከትውልድ ቆጠራ ውጭ ዓለምን የሚያዩበት ሌላ መስኮት አልተሰጣቸውም። አንባቢ ይቆጣቸዋል፣ ያዝንላቸዋልም። ይህን ማድረግ የቻሉት ደራሲው ጉዱ ካሳ ብቻ ስላልሆኑ ነው። ጉዱ ካሳ መጽሐፉን ራሱ ቢጽፈው ኖሮ ክስ ይሆን ነበር። ሐዲስ ግን የሐያሲያቸውን ሐሳብ ለገጸ ባሕርዩ ሰጥተው፣ ለራሳቸው የመምህሩን መደብ ያዙ፤ ሁሉንም አዳምጠው የሚያቃኑበትን።

ከዚያ በኋላ የሠሯቸው ሥራዎችም ይህን ሰው ያሳዩናል። «ወንጀለኛው ዳኛ» በ1974 ዓ.ም.፣ «የልምዣት» በ1980 ዓ.ም. ወጡ። ከመጀመሪያው ልብ ወለድ እስከ ሁለተኛው 16 ዓመት አለፈ። በመካከሉ ዘውዳዊው ሥርዓት ወድቆ ሌላ ሥርዓት መጥቷል። በ1966 ዓ.ም. አገሪቱ ስትናወጥ ስለ አስተዳደር ያላቸውን ሐሳብ የያዘ መጽሐፍ አውጥተዋል፤ በ1985 ዓ.ም. ደግሞ «ትዝታ» የተባለውን የሕይወት ታሪካቸውን ለአንባቢ ሰጥተዋል። በልብ ወለድም ሆነ በሐተታ የሚጠይቁት ጥያቄ ተመሳሳይ ነው፤ ሰው በሰው ላይ የሚፈርድበት ሥልጣን ከየት ይመጣል? ፈራጁንስ ማን ይዳኘዋል? የሁለተኛው ልብ ወለዳቸው ስም ራሱ ይህን ጥያቄ ይሸከማል።

ጎጃም ሌላም ዓይነት ሐያሲ አብቅሏል፤ አቤ ጉበኛን። አቤ ከአቸፈር ወገን ነው፤ እሱም በቤተ ክርስቲያን ትምህርት አልፏል። በ1955 ዓ.ም. «አልወለድም» ሲወጣ አንባቢው የተደነቀው በታሪኩ ዘዴ ነበር፤ ገና በማኅፀን ያለ ጽንስ ወደዚህ ዓለም መውጣትን እምቢ ይላል። ይህ ከጉዱ ካሳ የሚለይ ሌላ የትችት መንገድ ነው። ጉዱ ካሳ በመንደሩ ውስጥ ሆኖ ሥርዓቱን ይመረምራል፤ የአቤ ጽንስ ግን ወደ ሥርዓቱ መግባትን ራሱን ይቃወማል። መጽሐፉ ታገደ፤ ደራሲውም በግዞት ወደ ኢሉባቦር፣ ጎሬ ተላከ። የአቤ ድርሰት ቁጣው ስለሚቀድም አንዳንድ ጊዜ ገጸ ባሕርያቱ የደራሲውን ቃል ተሸክመው የሚሄዱ ይመስላሉ። ይህን ሳልሸሽግ እላለሁ፤ አቤን ስለምወደው ነው የምለው። ቁጣው እውነተኛ ነበር፤ ዋጋውንም ከፍሎበታል። ከእሱ በኋላ በዓሉ ግርማም ዋጋ ከፍሏል፤ በ1975 ዓ.ም. «ኦሮማይ» ወጥቶ በቀጣዩ ዓመት ደራሲው የደረሰበት ጠፋ። በአገራችን የደራሲው ምዘና ከሥነ ጽሑፍ ክልል ወጥቶ ሥልጣንን ሲነካ ምን እንደሚከተል እነዚህ ሁለት ሰዎች በሕይወታቸው አስረድተዋል።

ሐያሲነትና ልብ ወለድ ጸሐፊነት በአንድ ሰው ውስጥ በግልጽ የተገናኙበትን ሰው ለማግኘት ግን ከጎጃም ወጥቼ ዓባይን ተሻግሬ ወደ ሸዋ፣ ወደ ደብረ ሲና መሄድ አለብኝ። ዳኛቸው ወርቁ በ1928 ዓ.ም. ተወለደ፤ በዩኒቨርሲቲ አስተማረ፤ አሜሪካ አዮዋ ውስጥ የድርሰት ጥበብ ተማረ። በ1962 ዓ.ም. «አደፍርስ» የተባለውን ልብ ወለዱን አሳተመ። በ1967 ዓ.ም. «እምቧ በሉ ሰዎች» ወጣ። በእንግሊዝኛ የጻፈውን «ዘ ተርቲንዝ ሰን» የተባለ ልብ ወለድ ሃይነማን የተባለው የለንደን አሳታሚ እ.ኤ.አ. በ1973 በአፍሪካ ደራስያን ተከታታይ ኅትመቱ አወጣው፤ የታመመ አባታቸውን ለፈውስ ወደ ዝቋላ ይዘው የሚወጡ ልጆች ታሪክ ነው። በ1977 ዓ.ም. ደግሞ «የጽሑፍ ጥበብ መመሪያ»ን ለአማርኛ ጸሐፊዎች አበረከተ። አንድ ሰው ልብ ወለድ ጽፎ፣ ልብ ወለድ እንዴት እንደሚጻፍም ያስተማረበት ሕይወት ነው።

«አደፍርስ»ን ያነበበ ሰው ከ«ፍቅር እስከ መቃብር» ጋር ያለውን ልዩነት ከመጀመሪያዎቹ ገጾች ይረዳል። በሐዲስ መጽሐፍ ተራኪው እጃችንን ይዞ ይመራናል፤ ማን ምን እንዳሰበ፣ ለምን እንዳሰበ ይነግረናል። ዳኛቸው ግን ተራኪውን ወደ ኋላ አስቀምጦ ሰዎቹን እንዲነጋገሩ ይለቃቸዋል። ከዩኒቨርሲቲ ወደ ገጠር የመጣው አደፍርስ ይከራከራል፣ ሌሎቹም ይከራከሩታል፤ መሬት፣ ሃይማኖት፣ ትምህርት፣ ልማድ በየአፉ ይነሣል። የየአካባቢው አነጋገር፣ ሰዎች በዕለት ኑሮ የሚጠቀሙባቸው ግን በመጽሐፍ የማይገኙ ቃላት በብዛት ይገባሉ። ማን ትክክል እንደሆነ ደራሲው አይነግረንም። ፍርዱን ለአንባቢው ተወው።

ይህ ትልቅ እምነት ነው። ሐዲስ ሐያሲያቸውን በአንድ ገጸ ባሕርይ አድርገው አሳዩን፤ ዳኛቸው ደግሞ አንባቢውን ራሱን ሐያሲ ሊያደርገው ፈለገ። የመጀመሪያው መንገድ ብዙ ሕዝብ አገኘ፤ ሁለተኛው በዘመኑ ብዙ አንባቢ አላገኘም። «አደፍርስ» ከባድ መጽሐፍ ነው ተባለ፤ እስከ ዛሬም ይባላል። እኔ ግን ችግሩን በመጽሐፉ ብቻ ላይ አልጥለውም። ፍርድን ለአንባቢ የሚተው መጽሐፍ መፍረድ የለመደ አንባቢ ይፈልጋል። ያ አንባቢ በቅኔ ቤት በየምሽቱ ይሠራ ነበር፤ በዘመናዊው ትምህርት ቤት ግን ድርሰትን ለፈተና መልስ መስጫ ብቻ አድርገን አስተማርነው። ስለዚህ ዳኛቸው የመምህሩን መደብ ለሕዝቡ ሲያቀርብ በመደቡ ላይ የሚቀመጥ ሰው ቶሎ አልተገኘም። «የጽሑፍ ጥበብ መመሪያ»ን የጻፈበትንም ምክንያት እንዲህ እረዳዋለሁ፤ መጽሐፍ የሚጽፍ ትውልድ ብቻ ሳይሆን መጽሐፍ መመዘን የሚችል ትውልድም መሠራት ነበረበት።

በዚህ ላይ አንድ ጠንካራ ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል፤ ልመልሰውም ይገባኛል። ሐያሲ በውስጡ ያለ ደራሲ አይደርቅምን? ዘወትር ራሱን የሚመዝን ሰው እጁ አይታሰርምን? ሐዲስ በረዥሙ ዕድሜያቸው ሦስት ልብ ወለድ ብቻ ጻፉ፤ ዳኛቸው ከ«አደፍርስ» በኋላ ሌላ የአማርኛ ረዥም ልብ ወለድ አላወጣም። ያለ ፍርሃት የሚጽፉ ሌሎች ግን በየዓመቱ አንድ መጽሐፍ አሳተሙ። ተቃውሞው እውነትነት አለው። ራስን መመዘን ያዘገያል። አንዳንድ ጊዜም ሊወለድ የሚችለውን ሥራ ያስቀራል።

የቅኔ ቤቱ ልምድ ግን ሌላ ነገር ያስተምረናል። እዚያ ተማሪው መምህሩን እየፈራ ቅኔ መቁጠር አያቆምም፤ ነገ መቅረብ አለበትና ይቆጥራል። ምዘናው የማያቋርጥ ስለሆነ አንዱ ውድቀት የመጨረሻ ውድቀት አይሆንም። ደራሲን የሚያደርቀው ምዘናው ሳይሆን የምዘናው ብርቅነት ነው። በዓመት አንድ ጊዜ፣ በአንድ ጋዜጣ፣ በማያውቀው ሰው ብዕር የተመዘነ ደራሲ ያችን አንዲት ፍርድ እንደ ሞት ፍርድ ይፈራታል። በየቀኑ የሚመዘን ግን ፍርዱን እንደ ዕለት እንጀራ ይለምደዋል። የመጽሐፍ ብዛትም በራሱ የጥበብ መለኪያ አይደለም። የሐዲስ ሦስት ልብ ወለዶች ዛሬም ይነበባሉ፤ «አደፍርስ»ም በየትውልዱ አዲስ አንባቢ እያገኘ ነው። ጊዜ ራሱ ታጋሽ ሐያሲ ነው፤ ራሳቸውን አስቀድመው ለመዘኑ ደራስያንም ይራራል።

ይህ ከሆነ ሐያሲ ማን ነው? እኔ የምለው ሐያሲ ከድርሰቱ በላይ የሚቀመጥ ዳኛ ሳይሆን ድርሰቱ የሚገባውን ያህል እንዲሆን የሚመኝ ሰው ነው። ምኞቱ ከሌለው የሚናገረው ሁሉ ወይ ስድብ ይሆናል፣ ወይ ከንቱ ውዳሴ። አንድን ሥራ በቅንነት ለመመዘን መጀመሪያ ያ ሥራ ምን ሊሆን ይችል እንደነበር በሐሳብ ማየት ያስፈልጋል፤ ይህ ደግሞ የፈጠራ ሥራ ነው። መምህሩ የተማሪውን ጎዶሎ ጉባኤ ቃና ሲያቃኑ ከተማሪው ቃል ውስጥ ተማሪው ራሱ ያላየውን ቅኔ ያያሉ። እዚህ ላይ ደራሲውና ሐያሲው የሚገናኙበት ሥፍራ ይገኛል። ሁለቱም ገና ያልሆነውን ነገር ያያሉ፤ አንዱ ከባዶ ተነሥቶ፣ ሌላው ከተጀመረው ተነሥቶ።

ፍቅር የሌለበት ፍርድ ለምን እንደማይጠቅምም ከዚህ ይታወቃል። የማይወድ ሰው በሥራው ውስጥ የተደበቀውን የተሻለ ሥራ አያይም፤ ያለውን ብቻ አይቶ ይጥለዋል። ፍርድ የሌለበት ፍቅርም እንዲሁ አይጠቅምም፤ ያለውን አይቶ ይበቃል ብሎ ይተወዋል። ጉዱ ካሳ በዛብህንና ሰብለ ወንጌልን ይወዳቸው ነበር፤ ለዚያ ነው በመንደሩ ላይ የሚፈርደው። የሚወደው ነገር ባይኖረው ኖሮ የሚቆጣበት ነገር አይኖረውም ነበር።

ዛሬ የምናየው ሁኔታ ግን ከሁለቱም ይርቃል። አዲስ መጽሐፍ ሲወጣ ምረቃ ይደረጋል፤ አዳራሽ ይሞላል፤ ተናጋሪዎች በየተራ ያሞግሳሉ፤ ደራሲው ፊርማ ይፈርማል። ይህ ክፉ ነገር አይደለም፤ መጽሐፍ ሲወለድ ደስ ሊለን ይገባል። ከምረቃው በኋላ ግን ማን ያነበዋል? ማን ተመልሶ መጥቶ «ይህ ምዕራፍ ወድቋል፣ ይህ ገጸ ባሕርይ አልኖረም፣ ይህን ቃል ለምን መረጥህ?» ይላል? በሌላ በኩል ደግሞ መጽሐፉን ሳያነቡ በደራሲው ብሔር፣ ሃይማኖት ወይም ፖለቲካ ብቻ የሚሰጥ ፍርድ በዝቷል። ያኛው ጭብጨባ ይሄኛው ስድብ፤ ሁለቱም ንባብን አይጠይቁም። ስለዚህ ደራሲው በአዳራሽ ብዙ ሰው፣ በገበያ ብዙ ተሳዳቢ ኖሮት አንድም ሐያሲ ሳይኖረው ይቀራል።

ከዚህ የሚያወጣን አዲስ ነገር አይደለም፤ የነበረንን ልማድ ለዘመናችን እንዲመች አድርጎ መመለስ ነው። አስፋው ዳምጤ፣ ዮናስ አድማሱ፣ ዘሪሁን አስፋው፣ ብርሃኑ ገበየሁና ሌሎችም ሐያስያንና የሥነ ጽሑፍ መምህራን በዚህ መንገድ ደክመዋል፤ ድርሰትን ቃል በቃል ማንበብን፣ ከዚያ መፍረድን አስተምረዋል። የእነሱ ሥራ በዩኒቨርሲቲ ግቢ ውስጥ ብቻ እንዳይቀር ማድረግ የእኛ ድርሻ ነው። የደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ ካለባት ከተማ እስከ አምበር ባሉት ትምህርት ቤቶች የሚያስተምሩ የአማርኛ መምህራን የተማሪዎቻቸውን ድርሰት በነጥብ ብቻ አይመልሱ። ተማሪው ጽሑፉን ቆሞ ያንብብ፤ ጓደኞቹ ያድምጡ፤ መምህሩ ጉድለቱን ያሳይ፣ የሚሻለውንም መንገድ ያሳይ፤ ነገም ይድገም። የቅኔ መምህራኑም በሕይወት አሉ፤ ከዘመናዊው ትምህርት ቤት ደጃፍ ብዙ ሳይርቁ ይኖራሉ። ለምን አንድ ቀን ወደ ክፍሉ አይጠሩም? ልጆቹ ቅኔ ባይቀኙም ቃል እንዴት እንደሚመዘን ከእነሱ መማር ይችላሉ።

ለአንባቢውም አንድ ቃል አለኝ። የምትወደው ደራሲ ካለ መጽሐፉን ሁለት ጊዜ አንብበው፤ በሁለተኛው ጊዜ እርሳስ ይዘህ አንብበው። ያስደነቀህን አስምርበት፤ ያልተመቸህንም አስምርበት፤ ለምን እንዳልተመቸህ በአንድ ዓረፍተ ነገር ጻፍ። ደራሲው በሕይወት ካለ ላክለት፣ ወይም ፊት ለፊት ንገረው፤ በአክብሮት ንገረው እንጂ ዝም አትበለው። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1996 ዓ.ም. ከዚህ ዓለም ተለይተዋል፤ ዳኛቸው ወርቁ ከእሳቸው በፊት አልፏል። ለእነሱ የምንሰጠው ትልቁ ክብር ስማቸውን በየሕንፃውና በየአደባባዩ መጻፍ ብቻ አይደለም። የወደዱትንና የታገሉለትን የምዘና ልማድ በሕይወት ማቆየት ነው። ዛሬ የሚጽፉ ወጣቶች ጭብጨባ አጥተው አይሞቱም፤ የሚያጡት የሚያዳምጣቸውና እውነቱን የሚነግራቸው ሰው ነው። ያ ሰው አንተ ሁን፤ ያ ሰው አንቺ ሁኚ።